ከቻፕሊን በፊት የነበረው ማክስ ሊንደር፦ አንድ ፈረንሳዊ እንዴት የዓለም ስታር ሆነ፣ እንዴትስ ተረሳ?

ድምፅ አልባ ኮሜዲ ሲባል አብዛኞቻችን ጭንቅላት ውስጥ ቶሎ ከች የሚለው ቻርሊ ቻፕሊን ነው፣ ባርኔጣው፣ ከዘራው፣ ሪዙ፣ ያ አረማመዱ። ይሄ ምንም ችግር የለውም፣ ግን ከዛ ተነስተን የፊልም ኮሜዲን የጀመረው ቻፕሊን ነው ስንል እንሳሳታለን። ቻፕሊን ለመጀመሪያ ጊዜ ካሜራ ፊት የቆመው በ1914 መጀመሪያ ላይ ነው (እዚህ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጅ ናቸው)፣ ያኔ ማክስ ሊንደር የሚባል ፈረንሳዊ ከስፔን እስከ ሩሲያ ህዝብ ተሰልፎ የሚቀበለው ሰው ሆኖ ነበር። ራሱ ቻፕሊን እንኳ ለማክስ በሰጠው ፎቶ ላይ ማክስን ፕሮፌሰር፣ ራሱን ደግሞ ደቀ መዝሙሩ አድርጎ ነው የፈረመለት።

ታዲያ ይሄ ሰው ለምን ተረሳ? ብዙ ጊዜ የሚሰጠው መልስ አሳዛኝ አሟሟቱ ነው። እኔ ግን እሱ ብቻውን አያስኬድም ባይ ነኝ። ማክስን ያወጣውም ያወረደውም ችሎታው ወይም ዕድሉ ብቻ ሳይሆን የዛን ጊዜ የፊልም ንግድ አሠራር ነው፣ እሱን ካልተረዳን የሰውዬው ታሪክ ግማሹ ያመልጠናል።

መጀመሪያ ነገር፣ ሰውዬው ማነው?

እውነተኛ ስሙ ጋብርኤል ማክሲሚሊየን ለቪዬል ነው፣ በ1883 ቦርዶ አጠገብ ሳን ሉቤስ በምትባል ቦታ ተወለደ። ቤተሰቦቹ ወይን አምራቾች ናቸው፣ ልጁ ግን ወይኑን ትቶ ቲያትር ቲያትር አለ። ቦርዶ ውስጥ ትወና ተማረና በ1904 አካባቢ ፓሪስ ገባ። እዛ አምቢጉ የሚባል ቲያትር ቤት ትንንሽ ሚና ይሠራ ነበር፣ ትልቅ ተዋናይ የመሆን ተስፋው ግን ብዙም አልተሳካም፣ ምክንያቱም የፓሪሱ ኮንሰርቫቷር (ትልቁ የትወና ትምህርት ቤት) አልተቀበለውም።

በ1905 ፓቴ የተባለው ኩባንያ ውስጥ ቀን ቀን ፊልም መሥራት ጀመረ፣ ማታ ማታ መድረክ። ስሙን የቀየረው ለዚህ ነው። ያኔ ፊልም የተከበረ ሥራ አልነበረም፣ የመድረክ ሰው ፊልም ሠራ ማለት እንደ ውርደት ነበር የሚታየው፣ ስለዚህ ለቪዬል የሚለው ስም ለቲያትሩ ይቆይና ለፊልሙ ማክስ ሊንደር የሚል ስም ተወሰደ። በኋላ ዓለም ያወቀው ያንን የመደበቂያ ስም መሆኑ ያስቃል።

ፓቴ ምንድነው? ለምንስ ይሄን ያህል ወሳኝ ሆነ?

አሁን ፊልም ስንል ሆሊውድ ነው የሚታየን። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በፊት ግን የዓለም ፊልም ማዕከል ፈረንሳይ ነበረች፣ ከፈረንሳይ ደግሞ ትልቁ ፓቴ፣ ምልክቱ አውራ ዶሮ የሆነው። ፓሪስ ጫፍ ላይ ቫንሴን የምትባል ቦታ ስቱዲዮና ፋብሪካ ነበረው። ካሜራውን ራሱ ይሠራል፣ ፊልሙን ራሱ ያነሳል፣ ራሱ ያትማል፣ ከዛ ኒውዮርክ፣ በርሊን፣ ሞስኮ፣ ለንደን ባሉት ቢሮዎቹ በኩል ራሱ ይሸጣል።

እንዴት ነበር የሚሸጠው ካልን፣ በሜትር ነው። አዎ በሜትር። መርካቶ ገብተህ አቡጀዲ ይሄን ያህል ሜትር ቁረጥልኝ እንደምትለው፣ የዛን ዘመን ፊልም አሳዪ (አብዛኛው ከከተማ ከተማ ድንኳን ይዞ የሚዞር ነው) ይሄን ያህል ሜትር ኮሜዲ፣ ይሄን ያህል ሜትር የጉዞ ፊልም ብሎ ገዝቶ እስኪበጣጠስ ድረስ ያሳየዋል። በዚህ አሠራር የተዋናዩ ስም ማንንም አያሳስበውም፣ ፊልሙ ላይ ስም አይጻፍም፣ ተመልካቹም ማን እንደሠራው አይጠይቅም፣ ድንኳኑ ነገ ሌላ ከተማ ነው ያለው።

በ1907 ፓቴ ይሄን ቀየረው። ፊልም መሸጥ ይብቃ፣ ከዛሬ ጀምሮ ማከራየት ነው አለ። በዛው ሰሞን ቋሚ ሲኒማ ቤቶች በየከተማው እየተከፈቱ ነበር፣ ቋሚ ሲኒማ ቤት ደግሞ የራሱ ጣጣ አለው፦ ያው የሰፈር ሰው ነው በየሳምንቱ መምጣት ያለበት። ሰውዬው ባለፈው ሳምንት አንድ ፊልም አይቶ ስቋል፣ በዚህ ሳምንት ምን ብለህ ነው የምትመልሰው? ፊልሙ አዲስ ነው ብቻ ማለት አይበቃም። ያ ባለፈው ያሳቀህ ሰውዬ ተመልሶ መጥቷል ስትለው ግን ይመጣል።

ስታር የሚባለውን ነገር የወለደው በአብዛኛው ይሄ ነው። ጥበብ ብቻ አይደለም፣ በየሳምንቱ የሚከፈል የሲኒማ ቤት ወጪም አለበት።

ማክስ እንዴት ተመረጠ?

በመጀመሪያዎቹ ዓመታት አልተመረጠም። ከብዙዎቹ አንዱ ነበር፣ ዛሬ ተማሪ፣ ነገ ሌላ ነገር ሆኖ ይሠራል። በ1907 አንድ በረዶ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ሊንሸራተት የሚሞክር ዘናጭ ሰው ሆኖ ሠራ፣ ለብሶ አጊጦ መጥቶ ሲወድቅ ሲነሳ ሲወድቅ፣ በቃ ፊልሙ ይሄው ነው። ያኔ ያን ያህል የተጨበጨበለት ፊልም አይደለም፣ ግን አሁን ወደ ኋላ ሄደን ስናየው በኋላ ዓለምን የሚያስቀው ሰውዬ እዛው ላይ ቆሟል።

የፓቴ ዋናው ኮሜዲያን አንድሬ ዲድ የሚባል ሰው ነበር። የሱ ቀልድ ሩጫ ነው፣ ጠረጴዛ መገልበጥ ነው፣ ሳህን መስበር ነው፣ መንደሩ በሙሉ ተከትሎት ሲሮጥ ነው። ይሄ ሰው ጣልያን ያለ ኩባንያ የተሻለ ነገር ሲያቀርብለት ጥሎ ወደ ቱሪን ሄደ። ፓቴ ቤት ትልቅ ቀዳዳ ተፈጠረ፣ ማክስ በዛ ቀዳዳ ገባ። 1910 ላይ ሲደርስ ፊልሞቹ "ማክስ እንዲህ ሆነ"፣ "ማክስ እንዲያ አደረገ" በሚል ርዕስ ነበር የሚወጡት፣ ማለትም የተዋናዩ ስም ራሱ የምርቱ ስም ሆነ። ብዙም ሳይቆይ ፊልሞቹን ራሱ ይጽፋል፣ ራሱ ዳይሬክት ያደርጋል።

የመጀመሪያው የዓለም ፊልም ስታር እሱ ነው የሚሉ ብዙ ናቸው። እዚህ ላይ ትንሽ ረጋ ማለት ጥሩ ነው፣ ምክንያቱም በዛው ሰሞን ዴንማርካዊቷ ተዋናይት አስታ ኒልሰንና አሜሪካ ውስጥ ተዋናይት ፍሎረንስ ሎውረንስ ተነስተዋል፣ አንደኛ ማነው ብሎ መከራከር የትም አያደርስም። በኮሜዲ ግን ስሙን ይዞ ድንበር የተሻገረ ከሱ የቀደመ ማን አለ ብትሉኝ እኔ አላውቅም ነው የምለው።

ቀልዱ ምኑ ላይ ነው?

ዋናው ነገር ይሄ ስለሆነ ትንሽ ሰፋ ላድርገው።

ከሱ በፊት የነበሩት ኮሜዲያኖች ገና ሲታዩ ያስቁ ነበር፣ የተጋነነ ሜካፕ፣ የተቀደደ ልብስ፣ ትልቅ አፍንጫ። ማክስ ግን ሲወጣ ሰርግ የሚሄድ ነው የሚመስለው። የሐር ባርኔጣ፣ ከኋላው ረዘም ያለ ጥቁር ኮት፣ ነጭ ጓንት፣ ከዘራ፣ በደንብ የተስተካከለች ሪዝ። ቆንጆ፣ ሀብታም፣ ሥራ ፈት፣ ሴት የሚወድ። ለምን ያስቃል? ምክንያቱም ይሄ ሰው ክብሩን መጠበቅ አለበት። ድሃ ሰው ጭቃ ውስጥ ቢወድቅ ታዝንለታለህ፣ ዘናጩ ሲወድቅ ግን... በተለይ ደግሞ ተነስቶ ምንም እንዳልተፈጠረ ባርኔጣውን አስተካክሎ ሰላምታ ሲሰጥ።

አንድ ፊልሙን እንውሰድ፣ በ1911 የወጣ ነው። ማክስ አሞታል፣ ዶክተሩ ኪኒን ያለበት የወይን መጠጥ በቀን አንድ ብርጭቆ ጠጣ ይለዋል። ዶክተሩ ብርጭቆ ያለው ተራውን ብርጭቆ ማለቱ ነው፣ ለማክስ የቀረበለት ግን ማሰሮ የሚያክል ነገር ነው፣ ትዕዛዝ ትዕዛዝ ነው ብሎ ጭልጥ አድርጎ ይጠጣዋል። ከዛ ደስ ብሎት ከቤት ይወጣል። መንገድ ላይና ምግብ ቤት ውስጥ ከትልልቅ ሰዎች ጋር ይጣላል፣ በዛን ዘመን ልማድ ደግሞ የተሰደበ ሰው "በሰይፍ እንገናኝ" ብሎ አድራሻ ያለበትን ካርዱን ይሰጥሃል። ማክስ የአምባሳደር ካርድ፣ የሚኒስትር ካርድ፣ የፖሊስ አዛዥ ካርድ ኪሱ ውስጥ ሰበሰበ። ሌሊት ፖሊሶች ሰክሮ ያገኙታል፣ ሊያስሩት ሲሉ ኪሱ ውስጥ ካርዱን ያያሉ፣ ይቅርታ ጌታዬ! ሰላምታ ሰጥተው ደግፈው "ቤቱ" ያደርሱታል። ቤቱ ማለት የተጣላው ሰውዬ ቤት ነው እንግዲህ። ከዛ ይባረራል፣ ሌላ ፖሊስ ያገኘዋል፣ ሌላ ካርድ።

አያችሁ፣ እዚህ ውስጥ የተሰበረ ሳህን ቁም ነገሩ አይደለም። ቁም ነገሩ ፖሊሱ ወረቀት አይቶ ሰው ማክበሩ ነው። ይሄ እኮ ዛሬም ይሠራል።

ሌላው አካሄዱ ደግሞ አንድ ትንሽ ችግር ይዞ እስከ መጨረሻው መሄድ ነው። አንዱ ፊልም ላይ ገንዳ ይገዛል፣ ቤቱ ውስጥ ግን ውሃ የለም፣ ቧንቧው ያለው ኮሪደሩ ላይ ነው። ምን ያደርጋል? ገንዳውን ኮሪደሩ ላይ አውጥቶ ይታጠባል። ጎረቤት ሲያልፍ፣ ሴትዮዋ ስትጮህ፣ ፖሊስ ሲመጣ፣ በቃ ነገሩ ራሱን እየጎተተ ይሄዳል።

ትወናውም ለካሜራ የተሠራ ነው። መድረክ ላይ ያደገ ሰው እጁን እያወናጨፈ ነበር የሚተውነው፣ እሱ ቅንድቡን ከፍ ያደርግና ይበቃል። የዛን ጊዜ ካሜራ ደግሞ ብዙ ጊዜ ራቅ ብሎ ቆሞ ሙሉ ሰውነት ነው የሚያሳየው፣ ፊትን አቅርቦ የማሳየት ልማድ ገና ነው፣ ስለዚህ በትንሽ እንቅስቃሴ ከሩቅ ሀሳብን ማሳየት ቀላል ነገር እንዳይመስላችሁ።

ድምፅ የሌለው መሆኑ ጠቀመው ወይስ ጎዳው?

ያለ ጥርጥር ጠቀመው። ድምፅ አልባ ማለት ፊልሙ ላይ የተቀዳ ድምፅ የለም ማለት ነው እንጂ አዳራሹ ፀጥ ያለ ነው ማለት አይደለም፣ ፒያኖ የሚመታ ሰው አለ፣ ትልቅ ቦታ ሲሆን ኦርኬስትራ አለ። ንግግር ሲያስፈልግ መሀል ላይ የጽሑፍ ካርድ ይገባል። ፈረንሳይኛውን ካርድ አውጥተህ የሩሲያኛ ካርድ ካስገባህ ፊልሙ የሩሲያ ሆነ ማለት ነው፣ ዳቢንግ ምናምን የለም።

ለዛ ነው ማክስ በ1912 እና 1913 ስፔን፣ ኦስትሪያ፣ ጀርመን፣ ሩሲያ ሲዞር ህዝቡ የራሱ አድርጎ የተቀበለው። ሴንት ፒተርስበርግ ላይ መድረክ ሲሠራ ፒያኖ ያጀበው ዲሚትሪ ትዮምኪን የሚባል ወጣት ነበር፣ በኋላ ሆሊውድ ሄዶ በፊልም ሙዚቃ ኦስካር የበላው ትዮምኪን። ደሞዙም በዛው ልክ አደገ፣ ፓሪስ ውስጥ ከትልልቆቹ ጎዳናዎች አንዱ ላይ በስሙ የተሰየመ ሲኒማ ቤት እስከመያዝ ደረሰ። ሲኒማ ቤቱ ዛሬም ማክስ ሊንደር ፓኖራማ ተብሎ ፊልም ያሳያል፣ ፓሪስ ያላችሁ ሄዳችሁ ማየት ትችላላችሁ።

ታዲያ ምን ተፈጠረ?

ጦርነት። በኦገስት 1914 ፈረንሳይ ወደ ጦርነት ስትገባ የስቱዲዮ ሠራተኛ፣ ተዋናይ፣ ካሜራ ማን ሁሉ ተጠራ። ሥራ ቆመ። አንድ ሌላ ብዙ የማይወራ ነገርም አለ፦ የዛን ዘመን ፊልም የሚሠራው ናይትሮሴሉሎስ ከሚባል ነገር ነው፣ ይሄ ደግሞ ፈንጂ የሚሠራበት ኬሚካል የቅርብ ዘመድ ነው፣ ጦርነት ላይ ያለች ሀገር ለኮሜዲ የምትሰጠው አይደለም።

ማክስም ወደ ጦሩ ገባ፣ መኪና እየነዳ መልዕክት ያደርስ ነበር። እንዲያውም ሞተ የሚል ወሬ ጋዜጣ ላይ ወጥቶ ነበር። አልሞተም፣ ግን ጤናው ተበላሸ፣ ሳንባውም መንፈሱም። ከዛ በኋላ ያለው ማክስ በፊት የነበረው ሰው አይደለም፣ ድብርቱ እስከ መጨረሻው አልለቀቀውም።

እሱ ሲታመም ገበያውም አልጠበቀውም። ፈረንሳይ ፊልም መላክ ስታቆም ሲኒማ ቤቶቹ አልተዘጉም፣ ሌላ ፊልም ፈለጉ፣ ሌላ ፊልም ያለው አሜሪካ ነው። በነዛ ዓመታት ነው ቻፕሊን ዓለምን የወረረው። ስለዚህ ቻፕሊን ማክስን በችሎታ በልጦ አባረረው የሚለው ታሪክ ሙሉ አይደለም። ማክስን የሚያደርሰው መንገድ ነው የተቆረጠው። (ቻፕሊን አይበልጥም እያልኩ አይደለም፣ በስሜት ጥልቀት ይበልጣል፣ ማክስን አይታችሁ አታለቅሱም።)

አሜሪካ ሄዶ አልነበረም እንዴ?

ሄዷል፣ ሁለት ጊዜ። የመጀመሪያው በጣም የሚገርም ነው። ኤሳኔይ የሚባል የቺካጎ ኩባንያ ቻፕሊንን ይዞ ነበር፣ በ1916 ቻፕሊን በሳምንት 10,000 ዶላር ሲቀርብለት ሚውችዋል ወደሚባል ኩባንያ ሄደ። ኤሳኔይ ምን አደረገ? የቻፕሊንን ምትክ ፈልጎ ማክስን ከአውሮፓ አስመጣ፣ በሳምንት 5,000 ዶላር። መምህሩ የተማሪው ምትክ ሆኖ ተቀጠረ ማለት ነው። 12 ፊልም ሊሠራ ተዋውሎ 3 ብቻ ሠርቶ ታመመ፣ ፊልሞቹም እንደታሰበው አልሸጡም፣ ወደ አውሮፓ ተመልሶ ስዊዘርላንድ ውስጥ ሲታከም ቆየ። ያኔ የአሜሪካ ተመልካች ፈጣኑን የካሊፎርኒያ ኮሜዲ ለምዷል፣ ረጋ ያለው ፓሪሳዊ አልገባውም።

ሁለተኛው ጉዞ ላይ በራሱ ገንዘብ ረጃጅም ፊልሞች ሠራ፣ በ1921 ሁለት፣ በ1922 አንድ። የመጨረሻው የአሜሪካዊውን ተዋናይ የዳግላስ ፌርባንክስን የሦስቱ ሙስኪቴሮች ፊልም የሚያላግጥ ነው፣ በሰይፍ ዘመን ሞተር ሳይክልና ስልክ ያስገባበት። ለኔ ግን ከሁሉም የሚበልጠው "የሰባት ዓመት መጥፎ ዕድል" ነው። መስታወት የሰበረ ሰባት ዓመት አይቀናውም በሚል አጉል እምነት ላይ የቆመ ነው። ሠራተኞቹ ትልቁን መስታወት ይሰብሩበታል፣ ማክስ እንዳያውቅ ደግሞ ምግብ አብሳዩ ልክ እንደሱ ለብሶ ከባዶው ፍሬም ጀርባ ይቆማል። ማክስ ትላንት ማታ ጠጥቶ ነው የገባው፣ ጺሙን ሊላጭ ይመጣል፣ እጁን ሲያነሳ ምግብ አብሳዩም ያነሳል፣ ሲዞር ይዞራል፣ ማክስ ይጠራጠራል፣ ሊይዘው ይሞክራል። መጨረሻ ላይ ሲነቃ ተናዶ ጫማ አንስቶ ይወረውራል፣ እስከዛ ግን እውነተኛ መስታወት ተተክቷል። ያንን ይሰብረዋል። ቀልዱ ራሱ ከመድረክ የመጣ የቆየ ነገር ነው፣ አሜሪካዊ ኮሜዲያኖቹ ማርክስ ወንድማማቾችም በ1933 የነሱን ሠርተውበታል፣ ግን እንደዚህ በትዕግስት የሠራው ጥቂት ሰው ነው።

እነዚህ ፊልሞች እንዳሰበው አልሆኑለትም። ወደ ፈረንሳይ ተመለሰ፣ ከፈረንሳዊው ዳይሬክተር አቤል ጋንስ ጋር አንድ አጭር ፊልም፣ ቪየና ላይ አንድ የሰርከስ ፊልም ሠራ፣ ያ የመጨረሻው ሆነ።

አሟሟቱስ?

በ1923 ከሱ በጣም የምታንስ ኤሌን ፒተርስ የምትባል ወጣት አገባ። በኦክቶበር 1925 መጨረሻ ፓሪስ ውስጥ ሁለቱም ሕይወታቸው አለፈ፣ እሱ 41 ዓመቱ ነበር። ብዙ ቦታ "ተስማምተው ነው የሞቱት" ተብሎ እንደ ፍቅር ታሪክ ይጻፋል፣ ይሄን አባባል መጠንቀቅ ያስፈልጋል፣ ምክንያቱም እሱ በሽተኛና ከባድ ቀናተኛ ሰው ነበር፣ እሷ በእርግጥ ፈልጋ ነው ወይ የሚለው ጥያቄ ያኔም ዛሬም አለ። ሴት ልጃቸው 16 ወሯ ነበር።

ፊልሞቹ የት ሄዱ?

ብዙዎቹ ጠፍተዋል። ያ ናይትሮሴሉሎስ ያልኳችሁ ነገር ቶሎ ይቃጠላል፣ ካልተቃጠለም ራሱ በራሱ እየተበላሸ ወደ ዱቄትነት ይቀየራል፣ ከዛ በላይ ደግሞ ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣ አሮጌው ማንም የማይፈልገው ዕቃ ሆነ፣ ውስጡ ያለውን ብር (ማዕድኑን ማለቴ ነው) ለማውጣት ሲባል እየቀለጠ የተጣለው ራሱ ብዙ ነው።

የተረፈው ጥቂት እንዲታይ ያደረገችው በዋናነት ያቺ የ16 ወር ልጅ ናት። ሞድ ሊንደር በአያቷ ነው ያደገችው፣ አባቷ ማን እንደነበር በፊልም ያየችው ካደገች በኋላ ነው፣ ከዛ እስከ 2017 እስከሞተችበት ድረስ ዕድሜዋን የጨረሰችው ፊልሞቹን ከየሀገሩ በመፈለግ ነው። በ1963 ሦስቱን የአሜሪካ ረጃጅም ፊልሞች አቀናብራ አወጣች፣ በ1983 ደግሞ ስለሱ ዶክመንተሪ ሠራች።

ማየት ብፈልግ ከየት ልጀምር?

የቆዩ ስለሆኑ ኢንተርኔት ላይ በነፃ ይገኛሉ። በመስታወቱ ፊልም ጀምሩ፣ ከዛ አጫጭሮቹን፣ የኪኒን ወይኑንና የገንዳውን። አንድ ምክር ብቻ፦ ሰዎቹ እንደ አሻንጉሊት ሲሮጡ ካያችሁ እነሱ እንደዛ ስለሚሄዱ አይደለም። ያኔ ካሜራው በእጅ እየተዘወረ በሰከንድ 16 አካባቢ ፎቶ ነበር የሚያነሳው፣ አሁን በሰከንድ 24 ሲያጫውቱት ሁሉም ነገር ይፈጥናል። ፍጥነቱን ያስተካከለ ቅጂ ፈልጉ፣ ካጣችሁ ራሳችሁ ፍጥነቱን ወደ 0.75 ዝቅ አድርጉት፣ ያኔ ነው የቅንድቡ ጨዋታ በደንብ የሚታየው።